ቀይ ሥር፣ ጎመን ወይስ ድንች? ቤት ውስጥ ለሚሠራ የአትክልት ቺፕስ የቱ ይሻላል

መልሱን አስቀድሜ ልንገራችሁ፤ ጊዜ የሌለው ሰው እዚሁ ላይ ይለየን። ኦቭን ያለው በቀይ ሥር ይጀምር። ኦቭን የሌለው፣ ግን የኤሌክትሪክ ምጣድ ያለው፣ ጎመን ይሥራ። ድንች ካልሆነ ሞቼ እገኛለሁ የሚል ዘይት አግሎ ይጥበስ እንጂ ኦቭን ፊት ቆሞ አይልፋ። ዝኩኒ ደግሞ ለአልጫ ይቅር። ምክንያቱን የሚፈልግ ይከተለኝ።

የምጽፈው ከኮዬ ፈጬ ኮንዶሚኒየም ነው። ሰፈሬን የጠራሁት ያለ ነገር አይደለም። ኢንተርኔት ላይ የሚገኙት አሠራሮች አብዛኞቹ የተጻፉት መብራት ለማይቆራረጥበት፣ ዝቅ ያለ አገር ለሚኖርና ኬል የሚባለውን ቅጠል ከሱፐርማርኬት ለሚያነሣ ሰው ነው። እኛ ያለነው ከተማው ዳር፣ ከ2,000 ሜትር በላይ ከፍታ ላይ ነው። እጃችን ላይ ያለው ሀበሻ ጎመን ነው። ማታ ማታ ደግሞ አምፖሉ ራሱ ይደበዝዛል። ምርጫውን የሚለውጡት እነዚህ ነገሮች ናቸው።

ለምን ቤት ይሠራል የሚለውን አላረዝመውም። ታሽጎ የሚሸጠው የድንች ቺፕስ ከክብደቱ ሲሶ ያህሉ ዘይት ነው። መንገድ ዳር በስስ ላስቲክ የሚሸጠውማ ዘይቱ ስንት ቀን እንደተጠበሰበት የሚያውቀው ጠባሹ ብቻ ነው። በኦቭን ሲሠራ ግን ለአንድ ፓትራ አንድ የሾርባ ማንኪያ ዘይት ይበቃል። ለጾምም ይሆናል፤ ለልጆች መክሰስም ይሆናል።

ውሃው ይቅደም ወይስ ስኳሩ?

አትክልት ቀጭ ቀጭ የሚለው ሲበስል ሳይሆን ሲደርቅ ነው። ብዙ ሰው የሚቸገረው እዚህ ላይ ነው። እሳቱን ይጨምርና ዳሩ የከሰለ፣ መሃሉ የለመለመ ነገር ያወጣል።

ነገሩ እንዲህ ነው። ቁራጩ ውስጥ ውሃ እስካለ ድረስ፣ ኦቭኑ 150 ዲግሪ ቢሆንም፣ የቁራጩ ሙቀት ውሃ ከሚፈላበት ብዙም አያልፍም። ውሃው ሲያልቅ ሙቀቱ በአንዴ ሽቅብ ይወጣል። ያኔ ስኳሩ መቅላት ይጀምራል፤ ጥቂት ቆይቶ ይጠቁራል፣ ይመርራል። እናንተ የምትፈልጉት ውሃው አልቆ ስኳሩ ገና ያልተቃጠለበትን ጊዜ ነው። አንዳንዱ አትክልት ይህን ጊዜ ረዘም አድርጎ ይሰጣችኋል። አንዳንዱ ዞር እስክትሉ እንኳ አይጠብቅም።

ስለዚህ አትክልት ስትመርጡ ሦስት ነገር ጠይቁ። ምን ያህል ውሃ አለው? ምን ያህል ስኳር አለው? ውሃው ከወጣ በኋላስ ቅርጹን የሚይዝለት ነገር አለው ወይ? ካሮትና ቀይ ሥር ከመቶው 88 ያህሉ ውሃ ነው። ድንችና ስኳር ድንች ከ77 እስከ 79 ናቸው። ዝኩኒ 95 ነው። ዝኩኒን አስቀድሜ ያሰናበትኩት ለዚህ ነው፤ ኪሎ ሙሉ ገዝታችሁ የምታወጡት ከእፍኝ አይበልጥም።

ይህ ቁጥር ኪስንም ይመለከታል። አንድ ኪሎ ቀይ ሥር ተልጦና ደርቆ ወደ 120 ግራም ይወርዳል። ድንች 200 ግራም አካባቢ ይሰጣል። ስለዚህ አንድ ኪሎ የቀይ ሥር ቺፕስ ምን ያህል እንደሚያወጣ ማወቅ ከፈለጋችሁ የገበያውን ዋጋ በ8 አባዙት። ለድንች በ5 አባዙ። መብራቱን ገና አልቆጠርኩም። ከሱቅ ይረክሳል ብሎ የሚጀምር ሰው ካለ በጊዜ ይወቀው። ጥቅሙ ሌላ ጋ ነው።

ከፍታችን ግን ይጠቅመናል። አዲስ አበባ አካባቢ ውሃ 92 ዲግሪ ገደማ ላይ ይፈላል። ይህ ባቄላና ሽንብራ ለሚቀቅል ሰው ዕዳ ነው፤ ቺፕስ ለሚያደርቅ ሰው ግን ሲሳይ ነው። እርጥበቱ ቶሎ ይለቃል። ከሌላ አገር በመጣ አሠራር ላይ 45 ደቂቃ የሚል ካያችሁ 30ኛው ደቂቃ ላይ ኦቭኑን ከፍታችሁ እዩ። ከእኛ ከፍ ብሎ ያለው ሱሉልታ ያላችሁ ደግሞ ከእኛም ቀደም በሉ።

ቀይ ሥር

ቀይ ሥርን ከሁሉ የማስቀድመው ለጀማሪ ስለሚመች ነው። ክብ ስለሆነ ቁራጮቹ ይመሳሰላሉ፤ ስለሚመሳሰሉም አብረው ይደርቃሉ። ጣፋጭነቱ ጨው ሲነካው ደስ ይላል። ቀይ ሥር በሰላጣ መልክ ሲቀርብለት ፊቱን የሚያዞር ልጅ በዚህ መልክ ሲመጣለት ዝም ብሎ ይቆረጥመዋል።

የእሁድ ገበያ ላይ አትክልት የምትሸጥልኝ ሴት ሁልጊዜ ትልልቁን ነው የምታነሣልኝ። «ትልቁን ውሰጂ የኔ እናት፤ ልጣጭ አይበዛብሽም» ትለኛለች። ለሰላጣ ከሆነ እውነቷን ነው። ለቺፕስ ግን በጣም ያደገው መሃሉ እንጨት እንጨት ይላል፤ ሲደርቅም ክሩ ጥርስ ውስጥ ይገባል። ከቡጢ የማይበልጥ፣ ሲጫኑት የማይሰረጉድ፣ ጅራቱ ያልተቆረጠውን ምረጡ። ቅጠሉ አብሮት ካለ አትጣሉት። ቀይ ሥርና ቆስጣ የአንድ ተክል ሁለት ዓይነት ናቸው፤ ቅጠሉ እንደ ቆስጣ ይሠራል።

ላጡትና ስስ አድርጋችሁ ክተፉት። ውፍረቱ ከ2 ሚሊ ሜትር አይብለጥ። በቢላ እኩል እኩል መክተፍ የሚችል የታደለ እጅ አለ። የሌለን ሰዎች ባለ አራት ጎኑን የካሮት መፈቅፈቂያ አንሥተን፣ ረጅም ስንጥቅ ባለው ጎኑ እንጠቀማለን። የመጨረሻዋን ጉራጅ ከጣታችሁ ጋር አታታግሏት፤ ብሏት። እዚህ ላይ ማንም አያምነኝም እንጂ፣ ከእሳቱም ከዘይቱም በላይ ውጤቱን የሚወስነው የውፍረቱ እኩልነት ነው። አንዱ 1 ሚሊ ሜትር፣ ሌላው 3 ከሆነ ስሱ ሲከስል ወፍራሙ ገና እንደ ጎማ ይለጠጣል።

ከዚያ ለአንድ ኪሎ ግማሽ የሻይ ማንኪያ ጨው ነስንሱበትና ወንፊት ላይ 20 ደቂቃ ተዉት። ከሥሩ ሳህን አስቀምጡ። ቀይ ውሃ ይጠራቀማል። ያ ውሃ ኦቭኑ መብራት እየበላ ሊያወጣው የነበረ ውሃ ነው፤ ጨው በነፃ አወጣላችሁ። ቁራጮቹን በጨርቅ ጨምቃችሁ አድርቁ። ጨርቁ አሮጌ ይሁን፣ ቀለሙ አይለቅም። አንድ የሾርባ ማንኪያ ዘይት በእጃችሁ አሹት። ፓትራው ላይ የመጋገሪያ ወረቀት አንጥፋችሁ ሳይደራረብ ደርድሩት። አንድ ኪሎ በአንድ ፓትራ አያልቅም፤ ሁለት ሦስት ዙር ነው።

150 ዲግሪ ላይ አስገቡት። 20 ደቂቃ ሲሆን ገልብጡት። ከ30 ደቂቃ በኋላ ስልክ ይዛችሁ ሳሎን አትግቡ። የሚታየውን ልንገራችሁ። መጀመሪያ ላይ ቁራጩ ያብለጨልጫል። ቀጥሎ ማብለጭለጩ ይጠፋና ዳር ዳሩ ሽብሽብ ይላል፣ ቀና ቀና ይላል። ቀለሙ ከቀይነት ወደ ጥቁር ወይን ጠጅ ይሄዳል። ቡናማ ነጠብጣብ ካያችሁ ግን ስኳሩ መቃጠል ጀምሯልና ያንን ቁራጭ ቶሎ አውጡት። መድረሱን በጣት መሞከር አይቻልም፤ ትኩሱ ሁሉ ለስላሳ ነው። አንዱን አውጥታችሁ ሳህን ላይ አንድ ደቂቃ አቀዝቅዙና ስበሩት። ቀጭ ካለ አልቋል። ከታጠፈ አምስት ደቂቃ ጨምሩ።

አንድ ነገር ደግሞ፦ ቀይ ሥር በደንብ የበላ ሰው በማግሥቱ ሽንቱ ሊቀላ ይችላል። የቀይ ሥሩ ቀለም ነው፤ ደም መስሏችሁ ሐኪም ቤት እንዳትሮጡ። የኩላሊት ጠጠር ያለበት ሰው ግን ቀይ ሥርን ከማብዛቱ በፊት ሐኪሙን ይጠይቅ፤ ኦክሳሌት የሚባለው ንጥረ ነገር በብዛት አለው።

ጎመን

ፍጥነት ለሚፈልግ ከጎመን የሚስተካከል የለም። ቅጠል ስስ ነው፣ ስኳሩም ትንሽ ነው። 150 ዲግሪ ላይ ከ10 እስከ 15 ደቂቃ ውስጥ ደርቆ ይወጣል። ፈረንጆቹ በኬል የሚሠሩትን እኛ በሀበሻ ጎመን እንሠራዋለን፤ ሁለቱ ዘመዳሞች ናቸው። የእኛው የሰናፍጭ ዓይነት ትንሽ የሚያቃጥል ጣዕም አለው፤ ሲደርቅ ይለዝባል። እኔ ከኬሉ የእኛን እመርጣለሁ።

ቅጠሉን ከአገዳው ለዩ። የመሃሉን ወፍራም ጅማትም ጨርሳችሁ አውጡ፤ ቅጠሉ ሲደርቅ እሱ እርጥብ ሆኖ ይቀራል። የመዳፍ ግማሽ እያከላችሁ ቅደዱት። ሲደርቅ በጣም ይኮማተራል፤ ትንንሽ ከቀደዳችሁት ዱቄት ታገኛላችሁ። ካጠባችሁ በኋላ ጠብታ እስከማይቀር አድርቁት። ማታ አጥቦ ጨርቅ ላይ ዘርግቶ ማሳደር ከሁሉ ይሻላል። ዘይቱን ቅጠል በቅጠል እሹት፤ ለአንድ እስር ከአንድ የሾርባ ማንኪያ በላይ አያስፈልግም። ዘይት የበዛበት ጎመን ቺፕስ አይሆንም፤ ጎመን ወጥ ሆኖ ይቀራል።

ጨው ላይ እጃችሁን ሰብስቡ። ቅጠሉ ሲደርቅ ክብደቱ ወደ አንድ ስምንተኛ ስለሚወርድ፣ ጥሬው ላይ ልክ የመሰለው ጨው ሲደርቅ አፍ ያቃጥላል። የዓለም ጤና ድርጅት ለአንድ አዋቂ በቀን ከ5 ግራም በታች ጨው ነው የሚመክረው። ያ አንድ የሻይ ማንኪያ አይሞላም፤ ቀኑን ሙሉ ከወጥም ከዳቦም የምናገኘውን ጨምሮ ነው።

አሁን የሚያስከፋውን ልናገር። እኛ በዚህ አቅጣጫ ያለን ሰዎች ጎመንና ቆስጣ ስንገዛ የት እንደበቀለ መጠየቅ አለብን። በአቃቂ ወንዝ ውሃ የሚለሙ ቅጠላ ቅጠሎች ከባድ ብረቶች እንዳሉባቸው ጥናቶች በተደጋጋሚ አሳይተዋል፤ የፋብሪካውም የከተማውም ፍሳሽ ወደዚያ ነው የሚወርደው። ማጠብ አቧራውንና ጀርሙን ይቀንሳል። ተክሉ በሥሩ የሳበውን ብረት ግን አያወጣም። ቺፕስ ሲሆን ደግሞ ውሃው ስለሚወጣ ሰው ሳያውቀው ብዙ ቅጠል ይበላል። በረንዳ ላይ በባልዲ ወይም በጆንያ ጎመን መትከል የሚችል ሰው ካለ ለዚህ ሥራ ከእሱ የተሻለ ቅጠል አያገኝም። ካልተቻለ ከጓሮዋ የምታመጣ የምታውቋት ሻጭ ፈልጉ።

ቆስጣም ይሆናል። ከጎመን ስስ ነው፣ በራሱ ትንሽ ጨው ጨው ይላል፤ ስለዚህ ጨው አትጨምሩበት። ግን ሲደርቅ እንደ ቢራቢሮ ክንፍ ይበጣጠሳል፤ ለምሳ ዕቃ አይሆንም።

ድንችና ስኳር ድንች

ድንችን በኦቭን አታድርጉት ማለቴ አይደለም። የሚወጣው ነገር ከተጠበሰው ጋር ሲነጻጸር ያሳዝናል ማለቴ ነው። ድንች ስታርች የሚባለው ዱቄት መሰል ነገር ይበዛዋል። የጋለ ዘይት ውስጥ ሲገባ ውሃው በአንዴ ይፈነዳና ውስጡ ክፍት ክፍት ሆኖ ይቀራል፤ ለዚህ ነው አፍ ውስጥ ብትንትን የሚለው። ኦቭን ውስጥ ውሃው ቀስ ብሎ ነው የሚወጣው፤ ስታርቹም ተያይዞ ይጠነክራል። ጥርስ የሚፈትን ነገር ይሆናል።

እሺ ካላችሁኝ ግን እንዲህ አድርጉት። ሆለታ ከሚገኘው የምርምር ማዕከል የወጡ ጉዳኔ፣ በለጠና ጃለኔ የሚባሉ የድንች ዝርያዎች አሉ። ነገር ግን ሰፈር ለሰፈር በአይሱዙ እየዞረ በድምፅ ማጉያ የሚሸጠው ልጅ የትኛውን እንደያዘ አይነግራችሁም። ራሳችሁ ፈትኑት። አንድ ሊትር ውሃ ውስጥ 120 ግራም ጨው አሟሙና ድንቹን ጣሉበት። የሰመጠው ውሃው ያነሰ፣ ለቺፕስ የሚሆን ነው። የተንሳፈፈው ለወጥ ይሂድ። የሰመጠውን 1.5 ሚሊ ሜትር አድርጋችሁ ክተፉ። ውሃው ኩልል እስኪል እጠቡት፣ በጨርቅ አድርቁት። 190 ዲግሪ ላይ 15 ደቂቃ ገደማ ነው። ወርቃማ ሲሆን አውጡ።

ወርቃማ ያልኩት ለቁንጅና አይደለም። በ2002 የስዊድን ተመራማሪዎች ስታርች ያላቸው ምግቦች ከ120 ዲግሪ በላይ ሲጠበሱና ሲጋገሩ አክሪላማይድ የሚባል ጎጂ ንጥረ ነገር እንደሚፈጠር ይፋ አደረጉ። ቡናማነቱ በጨመረ ቁጥር እሱም ይጨምራል። ድንቹን ፍሪጅ ውስጥ አታስቀምጡ የሚባለውም ለዚሁ ነው። ቅዝቃዜ የድንቹን ስታርች ወደ ስኳር ይለውጠዋል፤ ያ ስኳር ደግሞ ቺፕሱን ቶሎ ያጠቁረዋል። አረንጓዴ የሆነና ያጎነቆለ ድንች ለዚህም ለሌላም አይሁን።

ስኳር ድንች ከድንች ይሻላል፤ ግን ተንኮለኛ ነው። ሙቀቱ ከ60 እስከ 75 ዲግሪ ባለው ውስጥ ሲያልፍ በውስጡ ያለ ኢንዛይም ስታርቹን ወደ ስኳር ይቀይረዋል። ስለዚህ እየደረቀ እያለ ይበልጥ ይጣፍጣል፣ ይበልጥም ለመቃጠል ይቀርባል። ለስላሳ ነው ብላችሁ ሦስት ደቂቃ ስትጨምሩ ዳሩ ጠቁሮ ታገኙታላችሁ። 130 ዲግሪ ላይ አንድ ሰዓት ያህል የሚታገሥ ሰው ብቻ ይሞክረው። ለሚታገሥ ሰው ግን፣ በተለይ ውስጡ ብርቱካናማ የሆነው ከተገኘ፣ በጣዕም ከሁሉ ይበልጣል። ለዓይን የሚጠቅመው ቪታሚን ኤ የሚሠራበት ቤታ ካሮቲንም አለው።

ሌሎቹን በአጭሩ። ካሮት ይሆናል፤ ግን በጣም ይኮማተራል። ክብ ከምትከትፉት በድንች መላጫው ረጃጅም ጥብጣብ አድርጋችሁ አውጡት፤ 140 ዲግሪ ላይ 25 ደቂቃ ይበቃዋል። ደርቆ ጠንክሮ የወጣ ክብ ካሮት ለሕፃን አይሰጥም፣ ጉሮሮ ላይ ይቀራል። ዱባ ውሃው ይበዛል፤ ፍሬውን ቆልታችሁ ብሉት፣ ይሻላል። ጎደሬ ከወላይታ ወይም ከጅማ በኩል የሚመጣላችሁ ካላችሁ ከድንች ቀድማችሁ እሱን ምረጡት፤ ሲደርቅ እንደ ድንች አይጠነክርም። ግን ጥሬው እጅ ያሳክካል። ስትልጡ ጓንት ወይም ላስቲክ እጃችሁ ላይ አድርጉ፤ ከመጋገሩም በፊት ትንሽ ቀቅሉት።

ኦቭን፣ ኤር ፍራየር ወይስ ምጣድ?

መቼ እንደምትሠሩ ከምን እንደምትሠሩ ያልተናነሰ ለውጥ አለው። ማታ ሁሉም ሰው ምድጃ ሲለኩስ ኃይሉ ይወርዳል። 220 ቮልት መሆን የነበረበት 180 ቢደርስ፣ ማሞቂያው የሚያወጣው ሙቀት ወደ 67 በመቶ ይወርዳል። ኦቭኑ በርቷል፤ መብራቱም ቀይ ነው። ውስጡ ግን 150 ላይ ሳይደርስ ይንከላወሳል፣ አትክልቱም በራሱ እንፋሎት ይቀቀላል። የሰው አሠራር ተከትለን እምቢ አለን የሚሉ ጎረቤቶች ብዙ ጊዜ የሚቸገሩት በዚህ ነው። ረፋድ ላይ ሥሩ።

ትንሹ የጠረጴዛ ኦቭን ይሠራል፤ ግን የሙቀት ቁልፉን አትመኑት። አብዛኛው የሚያሳየውና ያለው አይገናኝም። ማራገቢያ ከሌለው በየአሥር ደቂቃው በሩን ከፍታችሁ እንፋሎቱን ልቀቁት። ወይም የእንጨት ማንኪያ በሩ ላይ ሰክታችሁ በጣት ያህል ክፍት ተዉት። ማራገቢያ ያለው ከሆነ ከምነግራችሁ ሙቀት 15 ወይም 20 ዲግሪ ቀንሱ።

ኤር ፍራየር ለቀይ ሥርና ለካሮት ግሩም ነው። አየሩን ስለሚያሽከረክር እርጥበቱን ጠራርጎ ያወጣል። ችግሩ ሁለት ነው። ቅርጫቷ ትንሽ ናት፤ አምስት ሰው ላለበት ቤት ግማሽ ቀን ትቆማላችሁ። ጎመን ደግሞ ቀሊል ስለሆነ ይበርርና ማሞቂያው ላይ ተጣብቆ ይቃጠላል። የብረት መረብ ከላዩ አድርጋችሁ ያዙት። ለዚህ ብላችሁ ብቻ ግን ኤር ፍራየር አትግዙ።

ምጣዱ ነው የሚያስደስተኝ። የኤሌክትሪክ ምጣድ በብዙ ቤት አለ፤ እንጀራ ከተጋገረ በኋላም ሸክላው ሙቀቱን ይዞ ይቆያል። ያንን ሙቀት ከፍላችሁበታል፤ በነፃ አይባክን። የመጨረሻው እንጀራ እንደወጣ ምጣዱን አጥፉ። የመጋገሪያ ወረቀት አንጥፉና በዘይት የታሸውን ጎመን ዘርጉበት። ክዳኑን ገርበብ አድርጉት እንጂ አትግጠሙት፤ እንፋሎቱ መውጫ ካጣ ቅጠሉ ይጠወልጋል። አንዴ አገላብጡት። ሸክላው ሲቀዘቅዝ ጎመኑ ደርቋል። ካልደረቀ አንድ ሁለት ደቂቃ አብርታችሁ መልሳችሁ አጥፉ።

ወረቀቱን አትርሱ። ቀይ ሥርና ስኳር ድንችን ደግሞ ወረቀትም ቢኖር ምጣድ ላይ አታድርጉ። የስኳሩ ውሃ ከፈሰሰ ሸክላው ላይ ይጋገራል፤ በሚቀጥለው ጋገራ እንጀራው አልነሣ ይላል። ጎመን ዘር እየፈጫችሁ ምጣድ ስታሟሹ መዋል ነው ከዚያ።

በከሰል ድስት ውስጥ፣ ከላይም ከታችም እሳት አድርጎ ለዳቦ የሚሆነው ለቺፕስ አይሆንም፤ እንፋሎቱ ታፍኖ ይቀራል። በዚያ ላይ በተዘጋ ኮንዶሚኒየም ውስጥ ከሰል ማቀጣጠል ለሕይወት ያሰጋል። ፀሐይ ግን ትረዳለች። ከኅዳር እስከ ጥር ባለው ደረቅ ወራት የተከተፈውን ቀይ ሥር ሻሽ ሸፍናችሁ ሁለት ሰዓት በረንዳ ላይ ብታሰጡት የኦቭኑ ሥራ ይቀላል። የኛ ሰፈር የኮረኮንች አቧራ ስላለ ሻሹ ግዴታ ነው። ፀሐይ ብቻዋን ግን አትጨርሰውም፤ ቆዳ ቆዳ ያለ ነገር ሆኖ ይቀራል።

ዘይትና ቅመም

የሱፍ ዘይት ከሁሉ ይስማማል። የኑግ ዘይት የራሱ ጠረን አለው፤ ጎመን ላይ ያምራል፣ ካሮት ላይ ይከብዳል። የሚረጋውን የፓልም ዘይት ተዉት። በእኛ ጠዋት ብርድ ይረጋና ቺፕሱ ላይ ሻማ የነካው ይመስል ነጭ ሽፋን ያበጃል።

በርበሬና ሚጥሚጣ ኦቭን ውስጥ አይግቡ። ይቃጠላሉ፣ ይመርራሉ፣ ቤቱን ሙሉ ያስላሉ። ቺፕሱ እንደወጣ፣ ትኩሱ ላይ ንስንስ አድርጋችሁ በጎድጓዳ ሳህን አራግፉት። ቀይ ሥር ከሚጥሚጣ ጋር ልዩ ነው። ስኳር ድንች ኮረሪማ ይወዳል። ጎመን ላይ የነጭ ሽንኩርት ዱቄት በቂ ነው። ሎሚ ለመጭመቅ እጃችሁ ከበላችሁ አፍ ሊገባ ሲል ብቻ፤ አለበለዚያ አንድ ሰዓት የደከማችሁበት ነገር በአንድ ደቂቃ ይርሳል።

ሲቀመጥ

ሙሉ በሙሉ ሳይቀዘቅዝ ዕቃ ውስጥ አትክተቱት፤ በራሱ ላብ ይለሰልሳል። ክዳኑ በደንብ የሚገጥም ብርጭቆ ማሰሮ ከላስቲክ ይሻላል። በበጋ ቀይ ሥርና ካሮት ሳምንት ያህል ይቆያሉ። ጎመን በሁለት በሦስት ቀን ቢያልቅ ይመረጣል፤ መቼም አይተርፍም። ሐምሌና ነሐሴ ግን አየሩ ራሱ ውሃ ነው፣ ማሰሮው በተከፈተ ቁጥር ይጠጣል። ያኔ የዕለቱን ያህል ብቻ ሥሩ። የለሰለሰውን 120 ዲግሪ ላይ አምስት ደቂቃ መልሳችሁ አስገቡት፣ ወደ ቀድሞው ይመለሳል።

ቺፕሱ ኦቭን ውስጥ እያለ መብራት ከሄደስ? ከግማሽ በላይ ከሄደ በሩን ትንሽ ገርበብ አድርጋችሁ ተዉት፤ ባለው ሙቀት መድረቁን ይቀጥላል። ገና ሲጀምር ከሆነ ግን አውጡትና ጨርቅ ላይ ዘርግታችሁ ጠብቁ፤ ለብ ባለ ኦቭን ውስጥ ተዘግቶ የቆየ ቀይ ሥር ይቀቀላል እንጂ አይደርቅም። መብራቱ እስከ ማታ ካልመጣ ሽንኩርትና ቃሪያ ጨምራችሁ ሰላጣ አድርጉት።